ጠባብ ሐዲድ፣ ሰፊ ክርክር፦ የፌስቲንዮግ ባቡር ኩባንያና የአብነቱ ወሰን

በፌብሩዋሪ 1870 ከሩሲያ ንጉሠ ነገሥት መንግሥት የተላከ ልዑክ በሰሜን ምዕራብ ዌልስ ወደምትገኘው ትንሽ የወደብ ከተማ፣ ወደ ፖርትማዶግ፣ ደረሰ። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ልዑኩ ሊመለከት የመጣው የባቡር መስመር ርዝመቱ 22 ኪሎ ሜትር የማይሞላ፣ በሁለቱ ሐዲዶች መካከል ያለው ስፋትም 597 ሚሊ ሜትር ብቻ ነበር። ለንጽጽር ያህል፣ በብሪታንያ መደበኛ የነበረው የሐዲድ ስፋት 1,435 ሚሊ ሜትር ነው፤ ኋላ ከጅቡቲ እስከ አዲስ አበባ የተዘረጋውና ከጠባቦቹ ሐዲዶች የሚመደበው መስመር እንኳ 1,000 ሚሊ ሜትር ስፋት ነበረው። የፌስቲንዮግ ሐዲድ አንድ ሰው ሁለት እግሮቹን በሁለቱ ብረቶች ላይ አሳርፎ ያለ ችግር ሊቆምበት የሚችል ነበር።

ይህ ኩባንያ የተቋቋመው አንድ ዓይነት ድንጋይ ከአንድ ተራራ ወደ አንድ ወደብ ለማውረድ ነው። በ1870ና ከዚያ በኋላ በነበሩት ጥቂት ዓመታት ግን ከሩሲያ፣ ከህንድና ከሰሜን አሜሪካ የመጡ የባቡር ሰዎች አሠራሩን አጥንተው፣ «ርካሽ ባቡር መሥራት ይቻላል» ለሚለው ክርክር ማስረጃ አድርገው ወሰዱት። የኩባንያውን ታሪክ ለጥናት የሚጋብዘው ይህ ነው። አንድ የአካባቢ ድርጅት የዓለም አብነት ሲሆን፣ ከአብነቱ ጋር አብሮ የተጓዘው ምንድን ነው? እዚያው ተራራ ሥር የቀረውስ?

ድንጋዩና መንገዱ

ብላይናይ ፌስቲንዮግ በተባለው ተራራማ ስፍራ የሚገኘው ድንጋይ በስሱ እየተሰነጠቀ ለቤት ጣሪያ የሚውል ነው። ጠንካራ ነው፤ ውኃ አያስገባም፤ ለረጅም ዘመን ያገለግላል። የኢንዱስትሪ ከተሞች በፍጥነት በሚያድጉበት በዚያ ዘመን የጣሪያ ድንጋይ ፍላጎት እጅግ ከፍ ያለ ነበር። ችግሩ ማጓጓዙ ነበር። ከባቡሩ በፊት ድንጋዩ በጭነት ከብትና በጋሪ ከተራራው ወርዶ በድዊሪድ ወንዝ ዳር ይራገፋል፤ ከዚያም በትናንሽ ጀልባዎች ወደ ባሕሩ ተወስዶ ወደ ትላልቅ መርከቦች ይዛወራል። ስስ ድንጋይ በተነካ ቁጥር ይሰበራል። ስለዚህ እያንዳንዱ ማዘዋወር የሚጠይቀው የጉልበት ዋጋ ብቻ አልነበረም፤ የተሰበረው ድንጋይ ኪሳራም በላዩ ይታከላል። ይህ ነጥብ በኩባንያው ታሪክ ውስጥ ሁለት ጊዜ ወሳኝ ሆኖ ይታያል፤ በመጀመሪያ ለኩባንያው ጥቅም፣ በኋላም ለጉዳቱ።

የመጨረሻውን የመንገዱን ክፍል ሌላ ሰው አስቀድሞ ሠርቶት ነበር። ዊልያም አሌክሳንደር ማዶክስ የተባለ ባለርስት የባሕር ወሽመጡን ረግረግ ለማድረቅ ብሎ «ኮብ» የተባለውን ረጅም ግድብ በ1811 አጠናቀቀ። ግድቡ በማግስቱ ዓመት በማዕበል ተጥሶ እንደገና ተጠግኗል። የታሰበው ለእርሻ መሬት ቢሆንም ከጊዜ በኋላ ሐዲዱ ወደቡ ድረስ የሚዘልቅበት መደላድል ሆነ። በግድቡ ምክንያት አቅጣጫውን የለወጠው ወንዝ ደግሞ ለመርከብ የሚበቃ ጥልቀት ያለው መውጫ ስለ ቆፈረ፣ ፖርትማዶግ ወደብ ልትሆን ቻለች።

ኩባንያውን የመሠረቱት ሰዎች ስብጥር የዘመኑን የካፒታል ጉዞ ያሳያል። ሳሙኤል ሆላንድ በብላይናይ የድንጋይ ካባ የነበረው ሰው ነው። ሄንሪ አርቸር ከደብሊን የመጣ ነጋዴ ሲሆን የኩባንያው የመጀመሪያ ሥራ አስኪያጅ ሆነ፤ ከአክሲዮኑ ገንዘብ ብዙው የተገኘውም ከአየርላንድ ነው። የመንገዱን ቅየሳ የሠራው ጄምስ ስፑነር ነበር። ፓርላማው ኩባንያውን የሚያቋቁመውን አዋጅ በሜይ 23 ቀን 1832 አጸደቀ፤ መስመሩ በኤፕሪል 20 ቀን 1836 ተከፈተ። አዋጁ የአካባቢውን ስም በአንድ «ፍ» ብቻ ስለ ጻፈው፣ የዌልስ ቋንቋ ግን ሁለት ስለሚጠይቅ፣ ኩባንያው በሕግ ፊት የራሱን አገር ስም በተሳሳተ አጻጻፍ ይዞ ኖሯል። በግዕዝ ፊደል ልዩነቱ አይታይም።

ቁልቁለቱ እንደ ሞተር

የስፑነር ቅየሳ ዋና ብልሃት የሚገኘው በመንገዱ ዝንባሌ ላይ ነው። ብላይናይ ከባሕር ወለል በላይ ከ200 ሜትር ጥቂት ከፍ ባለ ስፍራ ላይ ትገኛለች። ስፑነር ሐዲዱን በተራራው ወገብ እያጠማዘዘ፣ በሸለቆዎቹም ላይ ያለ ሲሚንቶ የተካበ ከፍ ያለ የድንጋይ ክምር እየሠራ፣ መስመሩ እስከ ግድቡ ድረስ ያለማቋረጥ ቁልቁል እንዲወርድ አደረገ። ዝንባሌው በአማካይ በየ90 ሜትሩ አንድ ሜትር ገደማ ነው። የተጫነ ፉርጎ በራሱ ክብደት ለመንከባለል ይህ ይበቃዋል፤ ፍሬን የያዘ ሰው ሊቆጣጠረው እንዳይችል ግን አያደርገውም።

ስለዚህ የመስመሩ አሠራር እንዲህ ነበር። ድንጋይ የተጫኑ ፉርጎዎች ተያይዘው፣ ፍሬን ያዦች በላያቸው ተቀምጠው፣ ያለ ምንም ጎታች ወደ ወደቡ ይወርዳሉ። ከእነርሱ ጋር ለፈረስ ተብሎ የተሠራ ፉርጎ ይያያዛል፤ ፈረሶቹ በዚያ ውስጥ ቆመው ድርቆሽ እየበሉ ይወርዳሉ። በመልሱ ጉዞ ፈረሶቹ ባዶዎቹን ፉርጎዎች ይጎትታሉ። ቁልቁለቱ አንድ ሰዓት ተኩል ያህል ሲፈጅ፣ አቀበቱ ስድስት ሰዓት ገደማ ይወስድ ነበር።

እዚህ ላይ ቆም ብሎ ማስተዋል ያስፈልጋል። በአብዛኛው የዓለም ባቡር ከባዱ ወጪ ጭነትን መጎተት ነው። በፌስቲንዮግ ግን ከባዱ ጭነት ሁልጊዜ በነፃ ይሄዳል፤ ጉልበት የሚጠየቀው ባዶውን ለመመለስ ብቻ ነው። ይህ የሐዲዱ ጥበት ያመጣው ጥቅም አይደለም። ካባው ከላይ፣ ወደቡ ከታች በመሆኑ የተገኘ የመልክዓ ምድር ስጦታ ነው። ስፋቱ መደበኛ ቢሆን ኖሮም ስበቱ ያው ነው። የጥበቱ ድርሻ ሌላ ነበር፤ ሐዲዱ የተራራውን ጠመዝማዛ ወገብ ተከትሎ በጠባብ ኩርባ እንዲዞር ስላስቻለው የግንባታው ወጪ ቀነሰ።

አንድ መሰናክል ግን ነበር። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ሞይልዊን የተባለው የተራራ ትከሻ ስላልተበሳ፣ ፉርጎዎቹ በገመድ እየተሳቡ ተዳፋቱን ወጥተው እንደገና መውረድ ነበረባቸው። በ1842 ከ660 ሜትር በላይ ርዝመት ያለው ዋሻ ሲከፈት የስበቱ ጉዞ ሙሉ ሆነ። በአጋጣሚ በዚያው ዓመት የሐምቡርግ ከተማ በታላቅ እሳት ወደመች፤ ከተማዋ እንደገና ስትሠራ የተፈጠረው የጣሪያ ፍላጎት ለዌልስ ድንጋይ የጀርመንን ገበያ ከፈተ። ከፖርትማዶግ የሚነሡት መርከቦች ለብዙ አሥርተ ዓመታት ወደ ሰሜን ባሕር ወደቦች ተመላልሰዋል።

እንፋሎት፣ ሕግና መንገደኛ

ጄምስ ስፑነር በ1856 ሲሞት ልጁ ቻርልስ ኢስተን ስፑነር ሥራውን ተረከበ። የካባዎቹ ምርት እየጨመረ ነበርና ፈረሶቹ ባዶ ፉርጎ መመለስ ተሳናቸው። ነገሩ የሚያስገርም ነው፤ የመስመሩን አቅም የወሰነው ምን ያህል ድንጋይ ማውረድ ይቻላል የሚለው ሳይሆን፣ ምን ያህል ባዶ ማውጣት ይቻላል የሚለው ጥያቄ ነበር።

በዚህን ያህል ጠባብ ሐዲድ ላይ ለአገልግሎት የሚበቃ የእንፋሎት ሎኮሞቲቭ መሥራት ስለመቻሉ የዘመኑ መሐንዲሶች ይጠራጠሩ ነበር። ቦይለሩ ትንሽ ይሆናል፤ የእሳት ማንደጃው በሁለቱ ጎማዎች መካከል ለመግባት መጥበብ አለበት፤ ማሽኑም ከፍ ካለ ይወድቃል። ለንደን ሐቻም የሚገኘው የጆርጅ ኢንግላንድ ፋብሪካ የመጀመሪያዎቹን ሎኮሞቲቮች በ1863 አስረከበ። ትናንሽ፣ ባለ አራት ጎማ፣ መልካቸው አሻንጉሊት የሚመስል ቢሆንም ሠሩ።

ከዚያ በኋላ የመንገደኛ ጉዳይ ተነሣ። በ1846 የወጣው የሐዲድ ስፋት ሕግ በብሪታንያ አዲስ የመንገደኛ መስመር ከ1,435 ሚሊ ሜትር በተለየ ስፋት እንዳይሠራ ከልክሎ ነበር። ፌስቲንዮግ ግን ከሕጉ 14 ዓመት አስቀድሞ በራሱ አዋጅ የተቋቋመ በመሆኑ ክልከላው አልነካውም። የንግድ ቦርድ የባቡር መርማሪ የነበረው ካፒቴን ሄንሪ ታይለር መስመሩን መርምሮ ፈቀደ፤ በ1865 መጀመሪያ ሕጋዊው የመንገደኛ አገልግሎት ተጀመረ። ታይለር በዚህ ብቻ አላበቃም። በዚያው ዓመት ስለ መስመሩ ለሲቪል መሐንዲሶች ተቋም ጥናት አቅርቦ ደገፈው። ፌስቲንዮግ ከአካባቢው ውጪ እንዲታወቅ በር የከፈተው ይህ የመንግሥት መርማሪ ቃል ይመስላል፤ ከኩባንያው ሰው አፍ ቢወጣ ኖሮ ያን ያህል አድማጭ ባላገኘ ነበር።

የፌርሊ ማሽንና የፌርሊ ክርክር

በ1860ዎቹ መጨረሻ ላይ የእንፋሎቱም አቅም ተሟጠጠ። ኩባንያው በ1869 ሁለተኛ ሐዲድ በጎን ለመዘርጋት የሚያስችለውን ሥልጣን ከፓርላማ አገኘ። ነገር ግን በተራራ ወገብ ላይ የተቆረጠን መንገድ ማስፋት፣ በተለይም ዋሻውን፣ እጅግ ውድ ነበር። አማራጩን ያቀረበው ስኮትላንዳዊው መሐንዲስ ሮበርት ፍራንሲስ ፌርሊ ነው። ፌርሊ የሎኮሞቲቭ ሠሪው የጆርጅ ኢንግላንድ ልጅ ባል ነበር፤ ጋብቻው ያለ አባት ፈቃድ በኩብለላ የተፈጸመ በመሆኑ በአማችና በአማት መካከል እስከ ፍርድ ቤት የደረሰ ጠብ አስነሥቶ ነበር። በ1869 ግን የአማቹን ማሽን የሠራው ያው ፋብሪካ ነው።

ፌርሊ በ1864 የፈጠራ መብት ያገኘበት ሐሳብ እንዲህ ነው። ሎኮሞቲቭ በጠባብ ኩርባ ላይ እንዲዞር አጭር መሆን አለበት፤ ብዙ እንዲጎትት ደግሞ ረጅምና ከባድ መሆን አለበት። ሁለቱን ለማስታረቅ ፌርሊ ሁለት ቦይለሮችን በጀርባቸው አጋጥሞ የእሳት ማንደጃውን መካከል ላይ አደረገ፤ የጭስ ማውጫው በሁለቱም ጫፍ ነው። ከሥሩ እያንዳንዳቸው የራሳቸው ሲሊንደር ያላቸው፣ እንደ ኩርባው የሚዞሩ ሁለት ቦጊዎች አሉ። የማሽኑ ክብደት በሙሉ በሚነዱት ጎማዎች ላይ ያርፋል፤ ስለዚህ ሁሉም ክብደት ለመጎተት ይውላል። ነጂው በማንደጃው አንድ ጎን፣ እሳት ጫኙ በሌላው ጎን ይቆማሉ። ድካሙ በሚንቀሳቀሱት የእንፋሎት ቱቦ መጋጠሚያዎች ላይ ነበር፤ እንፋሎት ያፈስሳሉ፤ ለድንጋይ ከሰልና ለውኃ የሚተርፈውም ቦታ አነስተኛ ነው።

«ሊትል ዎንደር» የተባለው ይህ ማሽን በ1869 ወደ መስመሩ ገባ። ፌርሊ የፈጠራ መብቱን ኩባንያው ለዘለቄታው በነፃ እንዲጠቀምበት ፈቀደ፤ በምላሹም መስመሩን የማሽኑ ማሳያ መድረክ አደረገው። የሩሲያ ልዑክ የተመለከተው የ1870ው ሙከራ የዚህ ውል ፍሬ ነበር። እንግዲህ በጥናት ዓይን ሲታይ ሙከራው ገለልተኛ አልነበረም፤ ፈታኙም፣ ሻጩም፣ ተፈታኙም በአንድ ጥቅም የተሳሰሩ ነበሩ። ይህ ማለት ውጤቱ ሐሰት ነው ማለት አይደለም። ረጅሙን ባቡር ማሽኑ በእርግጥ ጎትቷል። ነገር ግን የተመረጠው መንገድ፣ የተመረጠው ጭነትና የተመረጠው ቀን የሻጩ ነበሩ።

ፌርሊ በዚያው ዓመት በሊቨርፑል ለተሰበሰበው የብሪታንያ የሳይንስ ማኅበር ስለ መጪው ዘመን የሐዲድ ስፋት ጥናት አቀረበ። ክርክሩ በቀላል ስሌት የቆመ ነበር። ባቡር የሚጎትተው ሁለት ዓይነት ክብደት ነው፤ ገንዘብ የሚያስገኘው ጭነትና ምንም የማያስገኘው የፉርጎው የራሱ ክብደት። በሰፊ ሐዲድ ላይ ፉርጎዎቹ ትላልቅና ከባድ ናቸው፤ አብዛኛውን ጊዜም ግማሽ ባዶ ሆነው ይሄዳሉ። በጠባብ ሐዲድ ላይ ፉርጎው ቀላል ነው፤ ይሞላልም። ቻርልስ ስፑነርም በ1871 ስለ ጠባብ ሐዲዶች መጽሐፍ አሳተመ። የሰውዬው ፍቅር ከሥራው አልፎ እቤቱ ድረስ ገብቶ ነበር፤ በአትክልት ቦታው ውስጥ 8 ሴንቲ ሜትር ገደማ ስፋት ባለው ሐዲድ ላይ የምትሄድ፣ «ቶፕሲ» የተባለች ትንሽ የእንፋሎት ሎኮሞቲቭ በ1869 በኩባንያው ጋራዥ ተሠርታለት ነበር።

ስሌቱ የዘለለው ነገር ግን አለ። የጣሪያ ድንጋይ እጅግ ከባድ ሆኖ ትንሽ ቦታ የሚይዝ ዕቃ ነው። የፌስቲንዮግ የድንጋይ ፉርጎ ሁለት ቶን ሲጭን የራሱ ክብደት የጭነቱ ሲሶ ያህል ነበር፤ ይህን የመሰለ ምጣኔ የተገኘው በሐዲዱ ጥበት ብቻ ሳይሆን በድንጋዩም ክብደት ነው። በዚያው ፉርጎ ጥጥ፣ ሱፍ ወይም ድርቆሽ ቢጫን፣ ፉርጎው ሁለት ቶን ሳይደርስ በቦታ ይሞላል፤ ምጣኔውም ይፈርሳል። ከዚህም በላይ የመስመሩ ጭነት አንድ ዓይነት፣ ዓመቱን ሙሉ የማይቋረጥ፣ ከጥቂት ደንበኞች የሚመጣና መድረሻው የታወቀ ነበር። ግማሽ ባዶ የሚሄድ ፉርጎ ያልነበረው ሐዲዱ ጠባብ ስለ ሆነ ሳይሆን፣ ካባዎቹ ሁልጊዜ የሚጫን ድንጋይ ስለ ነበራቸው ነው።

አብነቱ በሌሎች አገሮች

ሩሲያ በ1871 በሊቭኒ የ1,067 ሚሊ ሜትር መስመር ከፍታ የፌርሊ ማሽኖችን ተጠቀመች። የህንድ መንግሥት በዚያው ሰሞን ለሁለተኛ ደረጃ መስመሮቹ አንድ ሜትር ስፋት መረጠ። ጄኔራል ዊልያም ጃክሰን ፓልመር በ1870 ብሪታንያን ሲጎበኝ ፌስቲንዮግን አይቶ፣ ለዴንቨርና ሪዮ ግራንዴ ባቡር 914 ሚሊ ሜትር ወሰነ። እዚህ ላይ መጠንቀቅ ያሻል፤ ኖርዌያዊው መሐንዲስ ካርል አብርሃም ፒል ከ1860ዎቹ መጀመሪያ ጀምሮ 1,067 ሚሊ ሜትር መስመሮችን እየሠራ ነበርና፣ የጠባብ ሐዲድ ሐሳብ በሙሉ ከዌልስ የወጣ አድርጎ ማቅረብ ስሕተት ነው። የፌስቲንዮግ ድርሻ ሐሳቡን መውለድ ሳይሆን በዓይን የሚታይ ማስረጃ መስጠት ነበር።

ከዚህ የሚገርም ነገር ይከተላል። ከእነዚህ ትላልቅ ተከታዮች መካከል የፌስቲንዮግን ስፋት ራሱን የወሰደ የለም። ማስረጃው የተገኘው ከ597 ሚሊ ሜትር ሲሆን ውሳኔው የተሰጠው ለ914፣ ለ1,000ና ለ1,067 ነው። ይህ ምናልባት የወሳኞቹን ማስተዋል ያሳያል፤ የሰሙትን ክርክር እስከ ጫፉ አልተከተሉትም። ፓልመርም ቢሆን ከፌርሊ ማሽኖች አንዲት ብቻ በ1873 አስመጥቶ ሌላ አልጨመረም። ዋናው መስመሩም በ1890 ወደ መደበኛው ስፋት ተለውጧል።

አብነቱን እስከ ጫፉ የተከተለው ጆርጅ ማንስፊልድ የተባለ የማሳቹሴትስ ሰው ነው። ፌስቲንዮግን ጎብኝቶ ተመልሶ፣ ቢለሪካና ቤድፎርድ የተባሉትን ከተሞች የሚያገናኝ 610 ሚሊ ሜትር ስፋት ያለው መስመር እንዲሠራ አገሬውን አሳመነ። መስመሩ በኖቬምበር 1877 ተከፍቶ በጁን 1878 ተዘጋ። ሐዲዱ አልተሰበረም፤ ሎኮሞቲቮቹም ሠርተዋል። የጎደለው ጭነት ነበር። ዕቃዎቹ ተሸጠው ሜይን በሚገኘው ሳንዲ ሪቨር በተባለ መስመር ላይ ዋሉ፤ በዚያ ደግሞ የሚጫን እንጨት ነበርና ያው ማሽን፣ ያው ስፋት፣ ለአሥርተ ዓመታት አገለገለ። እንዲህ ያለ ጥርት ያለ ንጽጽር በኢኮኖሚ ታሪክ ውስጥ ብዙ ጊዜ አይገኝም፤ ሁሉም ነገር አንድ ሆኖ የተለወጠው የጭነቱ መኖር ብቻ ነው።

ሌላው ማስረጃ ከፌስቲንዮግ ደጃፍ ይገኛል። ሰሜን ዌልስ ጠባብ ሐዲድ የተባለው ኩባንያ በ1872 ተቋቁሞ በ1877 መስመሩን ከፈተ። ስፋቱ ያው ነው፤ አካባቢው ጎረቤት ነው፤ መሐንዲሱም ራሱ ቻርልስ ስፑነር ነበር። ነገር ግን መስመሩ የደረሰባቸው ካባዎች ጥቂትና ደካማ ነበሩ። ኩባንያው ብዙም ሳይቆይ በባለአደራ አስተዳደር ሥር ወደቀ፤ በ1916 ደግሞ የመንገደኛ አገልግሎቱን አቆመ። ከስፑነር የተሻለ ይህን ሥራ የሚያውቅ ሰው አልነበረም፤ ዕውቀቱ ግን ድንጋይ ሊፈጥር አልቻለም።

ትላልቆቹ ሲመጡ

ፌስቲንዮግ ራሱ እነዚህ ሁሉ ሲከራከሩበት በነበሩት ዓመታት የዕድገቱ ጫፍ ላይ ነበር። በ1872 በብሪታንያ የመጀመሪያዎቹን የብረት መሠረት ያላቸውን የቦጊ መንገደኛ ሠረገላዎች አሠራ። ቦስተን ሎጅ በተባለው ጋራዡ ደግሞ በ1879ና በ1886 የራሱን የፌርሊ ሎኮሞቲቮች ሠራ። ሊትል ዎንደር ግን በከባድ ሥራ አልቃ፣ ከ15 ዓመት ባነሰ አገልግሎት ከመስመሩ ወጣች። ዓለም ሊያያት የመጣባት ማሽን ከተገለበጡላት ማሽኖች ብዙዎቹን አልኖረችም።

የሁኔታው ለውጥ የመጣው ከማሽን አይደለም። የለንደንና ሰሜን ምዕራብ ባቡር ከ3 ኪሎ ሜትር በላይ ርዝመት ያለው ዋሻ በተራራው ሥር ቆፍሮ በ1879 ብላይናይ ደረሰ። በ1883 ደግሞ ግሬት ዌስተርን በሌላው ወገን ከተማዪቱ ውስጥ ገባ። ሁለቱም መደበኛ ስፋት ያላቸው፣ ከመላው ብሪታንያ ጋር የተሳሰሩ ነበሩ። በዚያን ጊዜ ከላይ የተነሣው የማዘዋወር ችግር በኩባንያው ላይ ተገለበጠ። ድንጋዩ በመርከብ በሚሄድበት ዘመን፣ ጠባብ ሐዲድ ከካባው አፍ እስከ መርከቡ ጎን ያለ ማዘዋወር ያደርስ ነበርና ጥበቱ ጉዳት አልነበረውም። ደንበኛው በማንቸስተር ወይም በበርሚንግሃም ሆኖ ድንጋዩን በባቡር ሲፈልገው ግን፣ በፌስቲንዮግ የመጣው ፉርጎ ሚንፎርድ ጣቢያ ላይ ተራግፎ ወደ ሰፊው ፉርጎ መዛወር ነበረበት። ያን ጊዜ ድንጋዩም ይሰበራል፤ ገንዘቡም ይወጣል። ተወዳዳሪዎቹ የካባዎቹን ትናንሽ ፉርጎዎች እንዳሉ በትልቅ ፉርጎ ላይ ጭነው ይወስዱ ስለ ነበር ይህን ወጪ አስቀሩት። ኩባንያው ታሪፉን መቀነስ ነበረበት፤ ባለአክሲዮኖቹም ያን የለመዱትን የትርፍ ድርሻ ዳግም አላገኙም።

ቻርልስ ስፑነር በ1889 ሞተ። ከ1900 እስከ 1903 በቤቴስዳ የሚገኘው የፔንሪን ካባ በአሠሪና በሠራተኛ ጠብ ሲዘጋ፣ የብላይናይ ካባዎች የሌላውን ገበያ ወስደው ለጥቂት ጊዜ አንሠራሩ። ከዚያ ወዲህ ግን ርካሽ የሸክላ ጣሪያና ከውጭ የሚገባ ድንጋይ ገበያውን ወሰደ፤ በ1914 የተነሣው ጦርነት ደግሞ የጀርመንን ንግድ አቋረጠ። ፖርትማዶግ ውስጥ መርከብ መሥራትም በዚያው አከተመ።

ሊዘጋ ያልቻለ ኩባንያ

የብሪታንያ ባቡሮች በ1923 በአራት ታላላቅ ኩባንያዎች ሲጠቃለሉ ፌስቲንዮግ ተዘለለ። በሴፕቴምበር 1939 መንገደኛ ማመላለሱን አቆመ፤ በኦገስት 1946 የድንጋዩም ጭነት ቆመ። በ1948 ባቡሮች የመንግሥት ንብረት ሲሆኑም እንደገና ተዘለለ። በዚህ ጊዜ በ1832 የወጣው አዋጅ ያልታሰበ ውጤት አሳየ። አዋጁ ኩባንያው መስመሩን እንዴት እንደሚሠራ ደንግጎ ነበር፤ መስመሩን እንዴት እንደሚተው ግን አልደነገገም። ስለዚህ ዳይሬክተሮቹ ሐዲዱን ነቅለው ለመሸጥ ሕጋዊ ሥልጣን አልነበራቸውም። አዲስ አዋጅ ማስወጣት ደግሞ ኩባንያው የሌለውን ገንዘብ የሚጠይቅ ነበር። ሐዲዱ በቁጥቋጦ ተውጦ፣ ሎኮሞቲቮቹ በጋራዡ ውስጥ እንደ ቆሙ ቀሩ።

በ1954 አለን ፔግለር የተባለ ነጋዴ የኩባንያውን አብዛኛ አክሲዮን ተቆጣጠረ፤ በ1955 በጎ ፈቃደኞች በኮብ ግድብ ላይ የሚያልፈውን የመጀመሪያውን ክፍል ከፈቱ። በዚያው ሰሞን የኤሌክትሪክ ባለሥልጣኑ ለኃይል ማመንጫ የሚሆን የውኃ ማጠራቀሚያ ለመሥራት ከሞይልዊን ዋሻ በላይ ያለውን መንገድ በግዴታ ወሰደ፤ ስለ ካሳው የተነሣው ክርክርም በፍርድ ቤት ለረጅም ዓመታት ተጓተተ። ከ1965 ጀምሮ በጎ ፈቃደኞች ውኃው ያጠለቀውን መንገድ የሚያልፍ አዲስ መስመር በእጃቸው ቆፈሩ። ከፍታ ለማግኘት ሐዲዱ በራሱ ላይ ተጠምዝዞ መዞር ነበረበት፤ በጄምስ ስፑነር ቅየሳ ውስጥ ያልነበረ ነገር ነው። ባቡሩ ብላይናይ የደረሰው በሜይ 1982 ሲሆን፣ የደረሰውም በ1832 አዋጅ የተቋቋመው ያው ኩባንያ ሆኖ ነው። ፉርጎዎቹ ድንጋይ አልጫኑም፤ ትኬቱን የሚገዛው ተራራውን ሊያይ የመጣ መንገደኛ ነው።